የላቀው ጠፍር

በእኛ አገር፣ ከቡሬ ወጣ ብሎ ባለው ገጠር፣ አጥንቱ የተሰበረ ሰው መጀመሪያ የሚወሰደው ወደ ላቀው ቤት ነበር። ጤና ጣቢያ የለም ማለቴ አይደለም፣ አለ። ግን ከማንኩሳም ከሽንዲም በቃሬዛ ወደ ላቀው የሚመጣ እንጂ ከላቀው ቤት ወደ ጤና ጣቢያ የሄደ ሰው አላየሁም። ላቀው ቆዳውን ዳበስ ዳበስ ያደርግና የትኛው አጥንት ከቦታው እንደሸሸ ይነግርሃል። ከዚያ ቅቤ ይቀባል፣ ይስባል፣ ያገጥማል፣ በቀርከሃ ስንጥቅ ያስራል። እኔ፣ ክንዱ የምባለው፣ አብሮ አደጉ ነኝና የእኔ ሥራ መያዝ ነበር። እሱ ሲስብ እኔ የበሽተኛውን ትከሻ ወይም ወገብ አንቄ እይዛለሁ። በዚህ ሥራ ያልያዝሁት ያገር ሰው የለም።

ላቀው አንድ ደንብ ነበረው። ከመሳቡ በፊት ግድግዳው ችካል ላይ የተሰቀለችውን ቁራጭ ጠፍር ያወርድና በበሽተኛው አፍ ያስገባል። የበሬ ቆዳ ናት፤ ከነከሳት ሰው ብዛት ጠርዟ ተበልቷል። «ንከስ! ድምፅህን ከሰማሁ እጄ ይፈራል» ይላል። ሕፃን ቢጮህ፣ ሴት ብትጮህ ግድ የለውም። ጢም ያወጣ ወንድ ከጮኸ ግን አለቀለት። ላቀው ዝም አይልማ! ገበያ ላይ «የእገሌ ልጅ ጠፍሯን ተፋት» ብሎ ያወራል። ያ ልጅ በኋላ ሚስት ለማጨት ሽማግሌ ሲልክ እንኳ ወሬው ቀድሞት ይደርሳል። እኛም እንዲያ ነው ያደግነው፤ ወንድ ልጅ ሕመሙን ከዋጠ ጨዋ ነው፣ ካሳየ ወራዳ ነው። ላቀውን ለዚህ ብቻውን አልወቅሰውም። ሰዉ ሁሉ በደጁ ቆሞ የሚያዳምጠው የአጥንቱን መግጠም ሳይሆን የሰውየውን ዝምታ ነበር።

ጠፍሯን ከተፏት አንዱ ቢሆነኝ የሚባለው የገዛ ልጁ ነው። ለጥምቀት ፈረስ ሲጋልብ ወድቆ ጭኑን ሰበረ። ጢሙ ገና ብቅ ማለቱ ነበር፣ እንዲያውም ጢም ለማለትም ያስቸግር ነበር። የክርስትና አባቱ እኔ ነኝና ወገቡን የያዝሁት እኔ ነኝ። ላቀው ሲስብ ልጁ ጠፍሯን ተፍቶ «እናቴን!» ብሎ ጮኸ። የጭን አጥንት መሳብ ምን እንደሆነ እኔ ነኝ የማውቀው፤ ጡንቻው በእጄ ሥር ሲንዘፈዘፍ ይሰማኝ ነበር። ላቀው ሥራውን አላቋረጠም። አገጠመ፣ አሰረ፣ ቋጠረ። ከዚያ እጁን እየጠረገ በደጅ ወደ ተሰበሰበው ሰው ወጣና «ይህን ጩኸት ለባንቺአየሁ ስጧት። ልጁ የሷ ነው። የኔ ወንድ ልጅ ገና አልተወለደም» አለ።

ባንቺአየሁ ሚስቱ ናት፣ እዚያው በሩ ላይ ቆማ ነበር። ሰው በሳቅ ፈረሰ። እኔም ሳቅሁ፤ ላቀው ሲቀልድ አለመሳቅ አይቻልም።

«ጩኸቱ ቡሬ ድረስ ተሰማ» ተባለና የልጁ ስም «ቡሬ ድረስ» ሆኖ ቀረ። ጭኑ ተሰብሮ የማያውቅ እስኪመስል ድረስ ዳነ። ስሙ ግን አልዳነም። የእኩያ ልጆችም ይጠሩታል፣ ሽማግሌዎችም ይጠሩታል። አንድ ቀን ተነሥቶ ፍኖተ ሰላም ገባ፤ ባጃጅ መንዳት ጀመረ፤ ለመስቀልም ለፋሲካም ቤቱን አልረግጥም አለ። እናቱን በገበያ ቀን ቡሬ መጥቶ ያያታል። አባቴ እንዴት ነው ብሎ ግን አይጠይቃትም። ላቀውም ስለ ልጁ ከተነሣ ወሬ ይቀይራል። ሆድ ያባውን ብቅል ያወጣዋል ይባላል፤ የላቀውን ሆድ ግን ስንት ጋን ጠላ አላወጣውም።

ምርጫው ባለፈበት ክረምት ላቀው ወይፈን ሲያለማምድ ወይፈኑ ቀንበሩን አስጥሎ ዞረና ደረቱን ደቆሰው። በአንድ ወገን ያሉት የጎድን አጥንቶቹ ተሰበሩ። የጎድን አጥንት ደግሞ በቀርከሃ አይታሰርም፣ ይህን ከላቀው በላይ የሚያውቅ የለም። ቤቱ ገብቶ መደቡ ላይ ቀጥ ብሎ ተቀመጠ። ጠያቂ ይጎርፋል። «እንዴት ነህ ላቀው?» ሲሉት «ምንም አላለኝም፣ እግዜር ይመስገን» ይላል። ሲናገር ቃሉን በአጭር በአጭሩ ይቆርጠዋል። ሳል ሲመጣበት ዐይኑን ጨፍኖ ይውጠዋል። የቀበሌዋ ጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኛ መጥታ «አባባ፣ ሆስፒታል ይሂዱ» ብትለው «ልጄ፣ አንድ ለአምስትሽን አደራጂ፤ እኔ አጥንት ጠጋኝ ነኝ» ብሎ ቀለደባት። ሰው ሁሉ ሳቀ። እሱ አልሳቀም፤ ሳቅ ጎኑን ይቆርጠው ነበርና።

«በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም» የሚለውን ተረት ላቀው ራሱ ለስንቱ በሽተኛ ሲተርት ሰምቻለሁ። ለራሱ ግን አልሠራለትም። ትኩሳት ያዘው፣ ከንፈሩ ጠቆረ፣ ትንፋሹ ከአንገቱ በላይ ሆነ። ራሱን ሲስት ነው እሺ ያለው፤ ማለትም እሺም እምቢም ማለት ሲያቅተው። በቃሬዛ ቡሬ አደረስነው፣ ከዚያ በአምቡላንስ ፍኖተ ሰላም። ማን እንደነገረው አላውቅም፣ አምቡላንሱ ሲቆም ቢሆነኝ በሩ ላይ ነበር። ቃሬዛውን በአንድ በኩል አነሣ እንጂ አንድም ቃል አልተናገረም።

ሐኪሙ መርምሮ ሲወጣ «የጣላቸው ስብራቱ አይደለም» አለን። «ስለሚያማቸው በደንብ አልተነፈሱም። አክታውንም አልሳሉትም። ስለዚህ ሳንባቸው ተዘጋ። መጀመሪያውኑ ያማል ብለው ቢመጡ ኖሮ እዚህ ባልደረሱ።» ባንቺአየሁ መሬት መሬት አየች። እኔም ጫማዬን አየሁ። ያን ሁሉ ቀን መደቡ ሥር ተቀምጠን «ጀግና» ስንለው የነበርነው እኛ ነን።

ጽኑ ሕሙማን የሚተኙበት ክፍል አስገቡት። በአፉ ቱቦ ወደ ሳንባው አወረዱና ከሚተነፍስለት ማሽን ጋር አገናኙት። የምትጠብቀው ነርስ ሲስተር ራጂያ ትባላለች፤ የቡሬው ነጋዴ የሰዓድ ልጅ ናት። ላቀው ዐይኑን ጨፍኖ ረግቶ ተኝቶ ሳየው ደስ አለኝ።

«ተመስገን፣ እንግዲህ አያመውም» አልሁ።

«አያ ክንዱ፣ እንደሱ አይደለም» አለችኝ፣ የተንጠለጠሉትን መድኃኒቶች እያሳየች። «ይኸኛው የሚያስተኛ ነው። ያኛው ሕመም የሚያስታግስ ነው። ሥራቸው ለየቅል ነው። ሰው ተኝቶም ሊያመው ይችላል። ዝም ስላሉ አላመማቸውም ማለት አይደለም።»

ዕድሜዬን ሙሉ የያዝኋቸው ሰዎች ሁሉ በዐይኔ መጡ። ጠፍሯን ነክሰው ዝም ያሉት። «አየህ፣ ይኼ ወንድ ነው! ምንም አላለውም» ብለን የሸኘናቸው። እጄን የት እንደማደርገው ጨነቀኝ።

ሳንባው ሲሻለው ቱቦውን ለማውጣት የሚያስተኛውን መድኃኒት ቀነሱለትና ላቀው ነቃ። አፉ በቱቦ ተይዟል፣ መናገር አይችልም። ራጂያ ጆሮው አጠገብ ጎንበስ ብላ «አባባ፣ ካመመዎት እጄን ጨበጥ ያድርጉኝ። ካላመመዎት ይተዉት» አለችው። ጠበቅን። ላቀው ጣሪያውን እያየ እጁን እንደዘረጋ ተወው። ደጋግማ ጠየቀችው፣ ያው ነው። ግራ ሲገባት ወደ እኛ ዞራ «ሰውየው ሕመም ይችላሉ እንዴ?» አለች።

«እሱ?» አልሁ እኔ፣ ደረቴን ነፍቼ። «እሱ እኮ አሞት አያውቅም!»

አሁን ሳስበው እንዲህ ያለ ምስክርነት የሚሰጠው የእኛ አገር ሰው ብቻ ነው። ሰውየውን ያሞገስሁት መስሎኝ መድኃኒቱን ነጠቅሁት። ማስታገሻው ሲበዛ ትንፋሽ ያደክማል፤ ስለዚህ ሐኪሙ ካላመማቸው ይቀነስ አለ። ተቀነሰ። ትንሽ ቆይቶ የላቀው ግንባር በላብ ራሰ። ከራስጌው ያለው ማሽን የልቡን ምት እያሳየ መጮህ ጀመረ። እጁ ወደ ቱቦው ተወረወረ። እንዳይነቅለው ብለው ሁለቱንም እጆቹን በፋሻ ከአልጋው ብረት ጋር አሰሯቸው። የስንቱን አጥንት ያቃናው እጅ እንደ ሌባ ታሰረ። ከዐይኑ ጥግ እንባ ወርዶ ወደ ጆሮው ገባ። ባንቺአየሁ እኔ እንዳላየው ብላ ቶሎ በነጠላዋ ጫፍ ጠረገችው።

«ዐይኑ ውስጥ ነገር ገብቶበት ነው» አለችኝ።

«ይሆናል» አልኋት። ሁለታችንም ውሸታሞች ሆንን።

ማሽኑን ቀንሰው ራሱ እንዲተነፍስ ሞከሩት። «አባባ፣ አየር በኃይል ይሳቡ! ይሳሉ!» ትለዋለች ራጂያ። እሱ ግን ቤቱ መደብ ላይ ይተነፍስ እንደነበረው በአጭር በአጭሩ ነው የሚተነፍሰው። ጥቂት እንደቆየ ደከመና ወደ ማሽኑ መለሱት። ሐኪሙ ወደ ኮሪደሩ አወጣን። «ቱቦው በቆየ ቁጥር አዲስ በሽታ ይዞ ይመጣል። ቱቦው እንዲወጣ መተንፈስ አለባቸው። እንዲተነፍሱ ሕመማቸው መቅለል አለበት። ፊታቸው እንደሚያማቸው ይናገራል፣ እጃቸው አላመመኝም ይላል። ትክክለኛውን ካልነገሩን መጠኑን በግምት ነው የምንሰጠው፤ በግምት ደግሞ አንዴ አይተነፍሱም፣ አንዴ ይሠቃያሉ» አለን። ነገሩ ገባኝ። ላቀው አንድ ጊዜ «አዎ፣ ያመኛል» ካላለ ከዚያ ክፍል በእግሩ አይወጣም።

ቢሆነኝ ይህ ሁሉ ሲሆን ኮሪደሩ ላይ ተቀምጦ ነው። የሚገባው አባቱ ሲተኛ ብቻ ነበር። አንድ ጊዜ ላቀው ነቅቶ ሳለ ልጁን በመስኮቱ አይቶት ማሽኑ ጮኸ። ራጂያ ብልህ ልጅ ናት፣ ልብ አለችው።

«አያ ክንዱ፣ ልጃቸውን ሲያዩ ይብስባቸዋል። በመካከላቸው ምን አለ?»

የጠፍሯን ነገር ነገርኋት። ስነግራት በልማዴ እየቀለድሁ ነበር የጀመርሁት። እሷ ግን አልሳቀችም።

«ቡሬ ድረስ የሚሉት እሱ ነው?» አለች። «እኛ ሱቅ ሳይቀር ይወራ ነበር። ልጅ ሆኜ እኔም ስቄያለሁ። ጭኑ ተሰብሮ ጮኸ ብለን!» ፊቷ ቀላ። «ነውር ነው እኮ፣ አያ ክንዱ።»

ቀና ብል ቢሆነኝ ከኋላዬ ቆሟል። ሁሉንም ሰምቷል። ይቆጣል ብዬ ፈራሁ። እሱ ግን ከትከሻዬ ላይ ጋቢዬን ወሰደና ወደ ክፍሉ ገባ፤ እኛም ተከተልነው። አባቱ ነቅቶ ነበር። ልጁን ሲያይ ፊቱን ወደ ግድግዳው ለማዞር ሞከረ፣ ቱቦው ከለከለው። ቢሆነኝ ጋቢውን ተከናንቦ ጀርባውን ለአልጋው ሰጠ። እንደዚያው እንዳይመለከት ሆኖ ወደ ኋላ እየተራመደ ከአልጋው ጎን ደረሰ። እኔ ጥቂት የቄስ ትምህርት ቀምሻለሁ። ሴምና ያፌት የአባታቸውን የኖኅን ዕርቃን ላለማየት ልብስ በጫንቃቸው አድርገው ወደ ኋላ የሄዱበት ምዕራፍ ትዝ አለኝ።

«አባ» አለ ቢሆነኝ ወደ በሩ እያየ። «እኔ አላይዎትም፣ ዞሬያለሁ። አልሰማምም። ለሲስተሯ ይንገሯት።»

ራጂያ የታሰረውን እጅ በእጇ ያዘች። «አባባ፣ ያመዎታል?»

እጁ አልተንቀሳቀሰም። ባንቺአየሁ ማተቧን ይዛ ከንፈሯን ታንቀሳቅሳለች። እኔ እንደ ድሮው የምይዘው ነገር አጥቼ የአልጋውን ብረት ያዝሁ። ከዚያ በወዲያኛው በኩል የታሰረው የላቀው እጅ ጣቶች ሲርመሰመሱ አየሁ። ወደ ራጂያ አልነበረም የሚሄዱት። ጎኑ የቆመውን የልጁን ጋቢ ዘርፍ ያዙና ጎተቱ።

«አባ?» አለ ቢሆነኝ ሳይዞር።

አሁንም ጎተተው። ልጁ ዞረ። ላቀው እንባው እየወረደ፣ ሳይሸሽገው፣ ልጁን ዐይን ዐይኑን እያየ የራጂያን እጅ ጨበጠ። «በጣም?» አለችው። ጨበጠ። «አሁንም?» ጨበጠ። ከዚያ አልለቃትም። ያን ሁሉ ጊዜ የዋጠውን በአንድ ጭብጥ የነገራት ይመስለኛል፤ ልጅቱ በማግሥቱ ጣቷን ስታሽ አይቻታለሁ። ፋሻውን ፈታችለትና ሐኪሙን ጠርታ ማስታገሻውን ጨመሩለት። ግንባሩ ላይ የነበረው ቋጠሮ እያየነው ተፈታ። ደረቱ ከታች ጀምሮ ተነሣ። ወይፈኑ ከመታው ወዲህ እንደዚያ ሲተነፍስ አይቼው አላውቅም።

ከዚያ በኋላ ስትጠይቀው ይመልሳል። ሲያመው ይጨብጣል፣ ሲተወው እጁን ይዘረጋል። እሷም በልኩ ትሰጠዋለች። ቱቦው ሲወጣ ሳለ፣ አክታውን ተፋ፣ እንደገና ሳለ። ድምፁ ሰልሎ እንደ ገለባ ሆኖ ነበር። ውኃ ጠየቀ ብለን ስንጠጋ ልጁን ነው የጠራው።

«ቢሆነኝ።»

«አቤት፣ አባ።»

«ያን ጊዜ… ጭንህን ስስበው… አሞህ ነበር?»

ቢሆነኝ ቀጥ ብሎ ቆመ። «ኧረ አባ፣ ምንም አላለኝም።»

በዚያው በአባቱ ድምፅ፣ በዚያው በመደቡ ላይ ድምፅ። ላቀው ዐይኑን ጨፈነ። ሳል ጀመረውና ጎኑን ደግፎ ሳለ። ሲበርድለት «ትዋሻለህ» አለ በሹክሹክታ። «ያስተማርሁህ እኔ ነኝ።» ከዚያ ፊቱን በአንሶላው ሸፈነ። ቱቦው በአፉ ሳለ ፊቱን መሸሸግ አቅቶት ነበር፤ አሁን ቻለ።

ለመስቀል ሰሞን ቤቱ ገባ። ያመጣው ቢሆነኝ ነው፤ ከመኪናው መንገድ እስከ ቤቱ ደግፎ አስገባው። አገር ምድሩ ሊጠይቅ መጣ። መደቡ ሞላ፣ ደጁ ሞላ። ቢሆነኝ ጆግ ይዞ ጠላ እየቀዳ ያስተናግዳል፤ አንዳንዱ ሰው ጽዋውን ሲዘረጋለት «ቡሬ ድረስ፣ መጣህ እንዴ?» እያለ ያሾፍበታል። የጽዋ ማኅበራችን መሪ፣ ሙሴው ሃይለ ሚካኤል፣ ጠላውን ይዞ ተነሣ።

«ጎበዝ፣ ስሙ!» አለ። «በአፉ ብረት ሰደውበት፣ እጁን አስረውት፣ ላቀው ኧኸ እንኳ አላለም አሉ። ወንድ ማለት እንዲህ ነው!»

«እውነት ነው! እውነት ነው!» አለ ሰዉ። ቢሆነኝ ጆጉን ይዞ ወደ ጓሮ ሊወጣ ዞረ።

«ማነው ይህን ያለህ?» አለ ላቀው።

«ክንዱ ነዋ!» አለ ሃይለ ሚካኤል። እውነቱን ነው፣ እኔ ነኝ ያወራሁት። ከሆስፒታል ስመለስ ሰው ሲጠይቀኝ ሌላ ምን እንደሚባል አላውቅም ነበር።

ላቀው እኔን አንድ ጊዜ አየኝ። ከዚያ «ባንቺአየሁ፣ ጠፍሯን አውርጂልኝ» አለ። አምጥታ ሰጠችው። የተበላውን ጠርዟን በአውራ ጣቱ ዳበሰው፤ የብዙ ሰው የጥርስ ምልክት ነበረበት።

«ዝም ያልሁት አፌ ተይዞ ነው፣ ሃይለ ሚካኤል» አለ። «ባይያዝ ኖሮ ፍኖተ ሰላም ስጮኽ እዚህ ሆናችሁ ትሰሙኝ ነበር። አልቅሻለሁ። በሆዴ እናቴን ጠርቻለሁ፣ በዚህ ዕድሜዬ።» ቀልድ የመሰለው አንድ ሰው ሳቀ፤ ብቻውን መሆኑን ሲያውቅ አቆመ። ላቀው ወደ በሩ አየ። «እዚህ ደጅ ላይ ቆማችሁ የሰማችሁኝ አላችሁ። ወንድ ልጄ አልተወለደም ብያለሁ። ያ ቡሬ ድረስ የጮኸው ልጅ የኔ ነው።»

ማንም የሚያየው ቦታ አላገኘም። ሃይለ ሚካኤል ተመልሶ ተቀመጠ። ቢሆነኝ ጆጉን መሬት ላይ አስቀመጠ። ላቀው ጠፍሯን ከመደቡ ሥር ወረወረና እጁን በሰው ሁሉ ፊት ወደ ልጁ ዘረጋ።

«ና ደግፈኝ እስቲ» አለው። «ጎኔን ያመኛል።»